የኤምፖሪያው ጋዜጠኛ ዊልያም አለን ኋይት



ሰው ይሞታል፣ ስም ግን ከመቃብር በላይ ይውላል ይባላል። እውነት ነው፤ ይሁን እንጂ ስም ከመቃብር በላይ የሚውለው የሚያነሣው ሰው ሲኖር ነው። እኛ በእድር የተሰባሰብን ሰዎች ይህን በደንብ እናውቀዋለን። ጡሩንባ ሲነፋ ከየቤታችን ብቅ ብለን መጀመሪያ የምንጠይቀው ማን እንደሞተ ነው። ቀጥለንም የየትኛው ቤት፣ የማን አባት፣ የማን እናት እያልን እንጠያየቃለን። ድንኳን ተጥሎ ለቀስተኛው ሲቀመጥ ስለ ሟቹ የሚወራው ብዙ ነው። ከሰልስት በኋላ ግን ወሬው እየሳሳ ይሄድና በመጨረሻ የሚቀረው በመዝገብ ላይ የሰፈረው ስምና ቀን ይሆናል።

ዘንድሮ በዚህ መጽሔታችን ታሪኩን ልናወጋችሁ የመረጥነው ሰው የአገራችን ሰው አይደለም፤ አሜሪካዊ ነው። ከሞተም ከሰማንያ ዓመት በላይ ሆኖታል። ታዲያ ስለ አሜሪካዊ ጋዜጠኛ ለእድር አባላት ማውራት ምን ይረባል የሚል ቢኖር፣ መልሳችን ሥራው ከሥራችን ጋር ይዛመዳል የሚል ነው። ይህ ሰው በአንዲት ትንሽ ከተማ ተቀምጦ ማን እንደተወለደ፣ ማን እንዳገባ፣ ማን እንደታመመ፣ ማን እንደሞተ ለጎረቤቶቹ እየነገረ ሃምሳ ዓመት ያህል ኖረ። የሰውን ሞት ሲጽፍ ኖሮም አንድ ቀን የገዛ ልጁን ሞት ለመጻፍ ተገደደ። የሰውየው ስም ዊልያም አለን ኋይት፣ የጋዜጣው ስም ደግሞ ኤምፖሪያ ጋዜት ይባላል። ከዚህ በታች የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድመን እናስታውቃለን።

ልደቱና አስተዳደጉ

ካንሳስ በአሜሪካ መካከል የምትገኝ፣ ሜዳዋ የሰፋ፣ ስንዴ በብዛት የሚመረትባትና ከብት የሚረባባት ክፍለ ግዛት ናት። ኤምፖሪያ የምትባለው ከተማ በዚች ክፍለ ግዛት ምሥራቃዊ ክፍል፣ በኒዮሾና በኮተንውድ ወንዞች መካከል ትገኛለች። የሳንታ ፌ የባቡር ሐዲድም ያልፍባት ነበር። ዊልያም በዚች ከተማ ፌብሩዋሪ 10 ቀን 1868 ተወለደ። ጊዜው የአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ካበቃ ገና ሦስተኛ ዓመቱ ነበር።

አባቱ ሐኪምም ነጋዴም ነበሩ፤ እናቱ ደግሞ አስተማሪ። ሁለቱ በፖለቲካ አይስማሙም ነበር። አባትየው ዴሞክራት፣ እናትየው ባርነትን አጥብቀው የሚጠሉ ሪፐብሊካን ነበሩ። ስለዚህ ልጁ ከሕፃንነቱ ጀምሮ ክርክር እየሰማ አደገ ማለት ይቻላል። ገና ዳዴ ሲል ቤተሰቡ ኤል ዶራዶ ወደምትባል ሌላ የካንሳስ ትንሽ ከተማ ስለተዛወረ የልጅነት ጊዜውን ያሳለፈው እዚያ ነው። አባቱ የኤል ዶራዶ ከንቲባ እስከ መሆን ደርሰው ነበር፤ ነገር ግን በ1882 ዊልያም የ14 ዓመት ልጅ ሳለ ሞቱ።

ከዚያ በኋላ ዊልያም ወደ ኤምፖሪያ ኮሌጅ፣ ቀጥሎም ወደ ካንሳስ ዩኒቨርሲቲ ገባ። ዲግሪ ግን አልያዘም፤ ሒሳብ አልሆነለትም። ልቡ የነበረው ማተሚያ ቤት ነው። በወጣትነቱ ኤል ዶራዶ ውስጥ ባለ ማተሚያ ቤት በተላላኪነት ገብቶ ፊደል መልቀም ተማረ። በዚያ ዘመን እያንዳንዱ ቃል የሚሠራው ከእርሳስ የተቀረጹ ፊደላትን አንድ በአንድ በእጅ እየለቀሙ በመደርደር ነበርና፣ ጽሕፈትን ከሥር ከመሠረቱ የሚያስተምር ሙያ ነበር። በኋላም ካንሳስ ሲቲ ስታር በተባለው ትልቅ ጋዜጣ ርዕሰ አንቀጽ ጸሐፊ ሆኖ ተቀጠረ። በ1893 ሳሊ ሊንዚ የምትባል አስተማሪ አገባ። ሳሊ የትዳር ጓደኛው ብቻ ሳትሆን ጽሑፉን እያየች የምትተች የሥራ አጋሩም ነበረች።

ጋዜጣው እንዴት እንደተገዛ

ወጣቱ ጋዜጠኛ በትልቁ ከተማ ደመወዙ ጥሩ፣ ወንበሩም የተደላደለ ነበር። ይሁን እንጂ በሰው ጋዜጣ ላይ የሰውን ሐሳብ መጻፍ ሰለቸው። የራሴ የምለው ጋዜጣ፣ ትንሽም ይሁን፣ ይኑረኝ አለ። በ1895 ኤምፖሪያ ጋዜት የተባለው ዕለታዊ ጋዜጣ ለሽያጭ መቅረቡን ሰማ። ጋዜጣው የተመሠረተው በ1890 ሲሆን፣ ያኔ ገና አምስት ዓመቱ ነው። ደንበኞቹ አምስት መቶ አይሞሉም። በከተማዋ ከእሱ የቆየና የጠነከረ ሌላ ጋዜጣም ነበር። ዋጋው 3,000 ዶላር ተባለ። ኋይት ይህን ገንዘብ ከየቦታው ተበድሮ ገዛው።

ለሥራው ከባቡር ሲወርድ በኪሱ የነበረው አንድ ዶላር ከ25 ሳንቲም ነበር። ጣቢያው ላይ ቆሞ አንድ ነገር አሰላሰለ። ሻንጣውን ተሸክሞ በእግሩ ቢሄድ ቆጣቢ ነው ይባላል፤ በፈረስ ጋሪ ቢሄድ ደግሞ ገንዘብ ያለው ይመስላልና ነጋዴው ያምነዋል። በመጨረሻ ጋሪውን መረጠ። በኋላ ዘመን ይህን እያስታወሰ ጥሩ ወጪ እንደነበረ ተናግሯል። እንግዲህ የትንሽ ከተማ ነገር እንዲህ ነው፤ ሰው ገና ከመግባቱ አካሄዱ ይታያል።

በመጀመሪያዎቹ ቀናት ባወጣው ጽሑፍ ለአንባቢዎቹ ሐሳቡን ገለጠላቸው። ፍላጎቱ በዚያች ከተማ ኖሮ ማርጀት መሆኑን፣ ኑሮውን ከጋዜጣው እንጂ ከሹመት እንደማይጠብቅ፣ በሄደበትም ሁሉ ከስሙ ቀጥሎ የኤምፖሪያ ሰው ተብሎ መጠራት እንደሚፈልግ ጻፈ። የ27 ዓመት ወጣት የተናገረው ነውና ብዙዎች የጉልበት ወሬ ነው ሳይሉ አልቀሩም። ቃሉን ግን ጠበቀ። ከተማዋ በ1900 በተደረገው ቆጠራ ከ8 ሺህ ጥቂት የሚበልጥ ሕዝብ ብቻ ነበራት። እሱ ግን እስኪሞት አልተለያትም።

በቁጣ የተጻፈው ርዕሰ አንቀጽ

ኋይት በዓለም የታወቀው ባልጠበቀው መንገድ ነው። በ1890ዎቹ የካንሳስ ገበሬ በድርቅና በዕዳ ተይዞ ይማቅቅ ነበር። ፖፑሊስት የተባለ የገበሬዎች ፓርቲ ተነሥቶ የባቡር ኩባንያዎች ዋጋ ይወሰን፣ ባለጠጋው ግብር ይክፈል እያለ ይጮህ ነበር። ኋይት በዚያን ጊዜ ጥብቅ ሪፐብሊካን ስለነበር ይህን ሁሉ እንደ እብደት ያየው ነበር። በኦገስት 1896 አንድ ቀን መንገድ ላይ የፖፑሊስት ደጋፊዎች ከበቡትና አፌዙበት፤ በነገር ወጋጉት። እሱም በንዴት ቢሮው ገብቶ ካንሳስ ምን ነካት የሚል ሐሳብ ያለው ርዕሰ አንቀጽ ጻፈና ለጉዞ ወደ ባቡር ሮጠ።

ያ ጽሑፍ ኦገስት 15 ቀን ወጣ። በዚያ ዓመት ማኪንሊና ብራያን ለፕሬዚዳንትነት ይወዳደሩ ነበር። የማኪንሊ ደጋፊዎች ጽሑፉን አግኝተው በብዙ ቅጂ እያተሙ በአገሪቱ በተኑት። የቺካጎና የኒውዮርክ ጋዜጦችም አወጡት። ትናንት የማይታወቀው የኤምፖሪያ ጋዜጠኛ በአንድ ጊዜ ስሙ ገነነ። በማግሥቱ ዓመት ከቴዎዶር ሩዝቬልት ጋር ተዋወቀ፤ ወዳጅነታቸውም ጸና።

ነገሩ ግን በዚህ አላበቃም። ኋይት እያደር ከሩዝቬልትም ከሕይወትም ተማረ። በ1896 ያሾፈባቸው ገበሬዎች ይጠይቋቸው ከነበሩት ነገሮች ብዙዎቹን፣ ለምሳሌ በባቡር ኩባንያዎች ላይ ቁጥጥር ማድረግን፣ የገቢ ግብርንና የሴናተሮችን በሕዝብ መመረጥ፣ እሱ ራሱ ቆሞ የሚከራከርላቸው ሆነ። በ1912 ሩዝቬልት ከሪፐብሊካን ፓርቲ ተለይተው ተራማጁን ፓርቲ ሲያቋቁሙ ተከትሏቸው ወጣ። ስሙን ያስጠራለት ያ ጽሑፍ በስሕተት ላይ የቆመ መሆኑን ማመኑን ከታላላቅ ነገሮቹ አንዱ አድርገን እንቆጥርለታለን። ሰው ባሞገሱት ነገር ላይ ተሳስቼ ነበር ማለት ቀላል አይደለምና።

የዕለት ተዕለት ሥራው

ስሙ ከገነነ በኋላ ከትላልቅ ከተሞች የሥራ ጥሪ ይመጣለት ጀመር፤ እሱ ግን እንቢ አለ። ጋዜጣው የሚወጣው ከቀትር በኋላ ነበር። ሰው ሥራውን ጨርሶ ቤቱ ሲገባ ያነበዋል። በውስጡ የዋሽንግተን ወሬ ይኖራል፤ ዋናው ግን የሠፈር ወሬ ነው። የእገሌ ሚስት ወንድ ልጅ ተገላገለች፤ የእገሌ ጎተራ ተቃጠለ፤ እገሊት ከጉዞ ተመለሰች፤ አዛውንቱ እገሌ ዐረፉ፤ ቀብራቸው በዚህ ሰዓት ነው። የትልቅ ከተማ ሰው እንዲህ ያለ ጋዜጣ ሲያይ ይስቃል።

ኋይት ግን ይህን ሳቅ አይቀበልም ነበር። በ1916 ስለ ትንሽ ከተማ ጋዜጣ በጻፈው ጽሑፍ እንዳስረዳው፣ ሰዎቹን ለማያውቅ ተራ የሆነው ወሬ ለሚያውቃቸው ሙሉ ታሪክ ነው። አንድ ሰርግ ተደረገ ሲባል የከተማው ሰው የሙሽራዋን እናት ድካም፣ የሙሽራውን አባት ዕዳ፣ የሁለቱን ቤት የድሮ ቂም ሁሉ አብሮ ያነባል። የከተሜ ጋዜጣ ስለማይተዋወቁ ሰዎች ለማይተዋወቁ ሰዎች ይጽፋል፤ የትንሽ ከተማ ጋዜጣ ግን የሚጽፈው ስለሚተዋወቁ ሰዎች ነው።

ይህ ሥራ ደግሞ የራሱ ፈተና አለው። የትልቅ ከተማ ጋዜጠኛ ሰውን ቢሰድብ ከሰውየው ጋር አይገናኝም። የኤምፖሪያው ጋዜጠኛ ግን ዛሬ የተቸውን ሰው ነገ ሱቅ ውስጥ፣ ከነገ ወዲያ ቤተ ክርስቲያን፣ በሳምንቱ ደግሞ ለቅሶ ቤት ያገኘዋል። የጻፈውን ዓይን ለዓይን እየተያየ መመለስ አለበት። ስለዚህ ከመጻፉ በፊት ነገሩን ያጣራል፤ ከጻፈ በኋላም አይደበቅም። በእኛ አስተያየት የኋይት ሕይወት ቁልፉ እዚህ ላይ ነው። ሌላው ሁሉ ከዚህ የሚመጣ ነው።

ሜሪ

ኋይትና ሳሊ ሁለት ልጆች ወለዱ። በ1900 ዊልያም ሊንዚ፣ በ1904 ደግሞ ሜሪ ተወለዱ። ሜሪ ፈረስ መጋለብ የምትወድ፣ ፀጉሯን ጎንጉና የምትሮጥ፣ ትልቅ ሰው ለመምሰል የማትቸኩል ልጅ ነበረች። በልጅነቷ የማርክ ትዌይንንና የዲከንስን መጻሕፍት አንብባለች። የቤታቸውን መኪና ስታወጣ ጥቁር ሆነ ነጭ፣ ሀብታም ሆነ ድኻ፣ ሽማግሌ ሆነ ልጅ፣ ያገኘችውን ጎረቤት ሁሉ ትጭናለች። በትምህርት ቤቱ መጽሔት ላይ ሥዕል ትሥል ነበር።

ሜይ 10 ቀን 1921 ሜሪ ፈረሷን ስትጋልብ መንገድ ላይ የምታውቀውን ልጅ አየችና እጇን አንሥታ ሰላም አለችው። በዚያች ቅጽበት ፈረሱ ከመንገዱ ወጣ አለ፤ ዝቅ ብሎ የወረደ የዛፍ ቅርንጫፍ ራሷን መታት። ከፈረሱ ላይ ግን አልወደቀችም። ወርዳ ጥቂት ተራመደችና ራሷን ሳተች። ሜይ 13 ቀን ሞተች። አሥራ ሰባት ዓመት ሊሞላት አንድ ወር ገደማ ቀርቷት ነበር።

የአባቷ ስም የታወቀ ስለነበር የዜና አገልግሎት ወሬውን በአገሪቱ አሠራጨው፤ ነገር ግን ከፈረስ ወድቃ ሞተች ብሎ ነው። ኋይት ይህን አነበበ። ከዚያም በአንድ የሜይ ጠዋት የጽሕፈት መኪናው ፊት ተቀምጦ ወደ አንድ ሺህ ቃል ያህል ጻፈ። ጽሑፉ ሜይ 17 ቀን በጋዜጣው ወጣ። የጀመረው ስሕተቱን በማረም ነው። ልጄ ከፈረስ ወድቃ አታውቅም፤ ፈረስ መጋለብ ታውቅበት ነበር ሲል የጋላቢነት ስሟን መለሰላት። አባት እንደ መሆኑ ልቡ ተሰብሯል፤ ጋዜጠኛ እንደ መሆኑ ደግሞ የተሳሳተ ወሬ በልጁ ስም ላይ ተጽፎ እንዲቀር አልፈለገም።

ቀጥሎ ያለው ሙሾ አይደለም። ወየው የለበትም፤ ያልነበራትንም አልጨመረላትም። ያነበበቻቸውን መጻሕፍት፣ መኪና ውስጥ የምትሰበስባቸውን ሰዎች፣ የምትጠላውንና የምትወደውን ልብስ፣ ቀልዷንና ቁጣዋን አንድ በአንድ ጻፈ። በትምህርት ቤቷ ጥቁር ተማሪዎች የሚያርፉበት ክፍል ስላልነበራቸው ያ ክፍል እንዲሰጣቸው ስትሟገት እንደነበረ፣ በድሆች መጠለያ የሚኖሩትን አረጋውያን በመኪና ልታንሸራሽር አስባ እንደነበረ ነገረን። የቀብሯንም ሥርዓት እንደ ጥሩ ዘጋቢ ዘረዘረ። መዝሙር አልተዘመረም፤ የቤትሆቨን ሙዚቃ ተሰማ፤ ከጳውሎስ መልእክት ስለ ፍቅር የተጻፈው ተነበበ፤ ጓደኞቿ አባታችን ሆይ ደገሙላት። አስከሬኗን ከተሸከሙት መካከል የላቲን አስተማሪዋ፣ የትምህርት ቤቱ ዲሬክተር፣ ሐኪሟ፣ የጋዜጣው ሠራተኛ የሆነ ወዳጇና ወንድሟ ይገኙበታል። ይህን ያህል ነው። አንባቢው ጨርሶ ሲያበቃ ግን አይቷት የማያውቃትን ልጅ አውቋት ይነሣል።

ጽሑፉ ለኤምፖሪያ ሰዎች የተጻፈ ቢሆንም ጋዜጦች እየተቀባበሉ አተሙት፤ ከዚያም በትምህርት ቤት መማሪያ መጻሕፍት ገባ። ኋይት ራሱ በመጨረሻ ዘመኑ ከጻፈው ሁሉ ከሞቱ በኋላ የሚተርፍ ነገር ቢኖር ይህ እንደሚሆን ገምቷል። ኋይትና ሳሊ ለሜሪ መታሰቢያ እንዲሆን ለከተማዋ የመናፈሻ ቦታ ሰጡ። ስሙም ማደግ በማይፈልገው የተረት ልጅ ስም ፒተር ፓን ፓርክ ተባለ።

በመስኮቱ ላይ የተለጠፈው ወረቀት

እንዲህ ያለ ኀዘን የደረሰበት ሰው ከዚያ ወዲህ ዝም ብሎ ቢቀመጥ ማንም አይፈርድበትም። ኋይት ግን በዓመቱ ሌላ ነገር ውስጥ ገባ። በጁላይ 1922 ደመወዝ ስለተቀነሰባቸው በመላው አሜሪካ ወደ 400 ሺህ የሚጠጉ የባቡር ጥገና ሠራተኞች ሥራ አቆሙ። ኤምፖሪያ የባቡር ከተማ ናትና አድማው በየቤቱ ገባ። ለአድመኞቹ ያዘኑ ባለሱቆች መቶ በመቶ እንደግፋለን የሚል ወረቀት በመስኮታቸው ላይ ለጠፉ። የካንሳስ አገረ ገዥ ይህ ሕግን የሚጻረር ነው፤ ይነሣ ብለው አዘዙ።

አገረ ገዥው ሄንሪ አለን የኋይት የቅርብ ወዳጅ ነበሩ። በ1917 ለቀይ መስቀል ሥራ አብረው አውሮፓ ደርሰው ተመልሰዋል። ኋይትም በአድመኞቹ ሐሳብ ሙሉ በሙሉ አይስማማም ነበር። ሆኖም ሰው ያሰበውን በሰላም እንዳይናገር መከልከሉን ሊቀበለው አልቻለም። ስለዚህ በጋዜጣው መስኮት ላይ 49 በመቶ እደግፋለሁ የሚል ወረቀት ለጠፈ፤ ረብሻ ያልተነሣበት ቀን ባለፈ ቁጥርም አንድ አንድ በመቶ እጨምራለሁ አለ። የመያዣ ትእዛዝ ወጣበት። ኋይትም ነገሩ በፍርድ ቤት ይታይ ብሎ ወረቀቱን አነሣ።

በዚያው ወር 27 ቀን፣ ነገሩ ላስጨነቀው አንድ ወዳጅ መልስ እንዲሆን አጭር ርዕሰ አንቀጽ አወጣ። ሐሳቡ ባጭሩ እንዲህ ነው፤ የመናገር ነፃነት በደኅና ጊዜ ብዙ አይፈለግም፤ የሚፈለገው ሰው ሲቆጣና ሲፈራ ነው። በክፉ ቀን የተከለከለ ነፃነት በደጉ ቀን ቢፈቀድ ዋጋ የለውም። ከጥቂት ወራት በኋላ ክሱ ተሰረዘ። በ1923 ያ ጽሑፍ ፑሊትዘር የተባለውን ታላቅ የጋዜጠኞች ሽልማት አገኘ። ከአለን ጋር የነበረው ወዳጅነትም በዚህ አልተቆረጠም።

ጭንብል ከለበሱት ጋር

በዚያው ሰሞን ኩ ክሉክስ ክላን የተባለው ድርጅት በካንሳስ እየተስፋፋ ነበር። አባሎቹ ነጭ ልብስ ለብሰው፣ ፊታቸውን በጭንብል ሸፍነው በሌሊት ይሰበሰባሉ፤ በጥቁሮች፣ በካቶሊኮች፣ በአይሁዶችና ከውጭ አገር በመጡ ሰዎች ላይ ጥላቻ ይሰብካሉ። የፖለቲካ ሰዎች ድምፅ እንዳያጡ ፈርተው ዝም አሉ።

ኋይት ከ1921 ጀምሮ በጋዜጣው ይታገላቸው ነበር። በ1924 ለአገረ ገዥነት የሚወዳደሩት የሁለቱም ፓርቲዎች ዕጩዎች ክላንን በግልጽ አላወገዙም ብሎ እሱ ራሱ በግል ተወዳዳሪነት ተነሣ። ሹመት አልፈልግም ብሎ በ1895 የጻፈ ሰው መሆኑን እናስታውስ። አሁንም የፈለገው ሹመቱን አልነበረም፤ በየአደባባዩ ቆሞ የሚናገርበትን አጋጣሚ ነው። ለሳምንታት ያህል በመኪና ካንሳስን ዞረ። በየደረሰበት ቀን በቀን፣ ፊቱን ገልጦ፣ ስሙን ነግሮ ጭንብል ባጠለቁት ላይ ተናገረ፤ እያሳቀም አዋረዳቸው። ወደ 150 ሺህ ድምፅ አግኝቶ ሦስተኛ ወጣ። በምርጫው ተሸነፈ፤ ፍርሃቱ ግን ተሰበረ። በጃንዋሪ 1925 የካንሳስ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ክላን ያለ ፈቃድ በክፍለ ግዛቷ ሊሠራ እንደማይችል ወሰነ።

ነገሩን ስናስተውለው ይህ ጠብ ለኋይት ከሌላው የፖለቲካ ጠብ የተለየ ነበር። የጋዜጣው ሥራ በከተማው ያለውን ሰው ሁሉ በስሙ መጥራት ነው። ክላን ደግሞ ስምን መደበቅ ነው። ጎረቤት በጎረቤቱ ላይ ክፉ የሚያደርገው ፊቱን ከሸፈነ በኋላ ነውና፣ ጭንብሉ ከወለቀ ሥጋ ሻጩና ባለመድኃኒት ቤቱ ሆነው ይገኛሉ።

የመጨረሻ ዘመኑ

ኋይት እስከ መጨረሻው ሪፐብሊካን ነበር፤ ቢሆንም ዴሞክራቱ ፕሬዚዳንት ፍራንክሊን ሩዝቬልት ይወዱት ነበር። ከአራቱ ዓመት ሦስት ዓመት ተኩሉን ይደግፈኛል፣ በምርጫው ሰሞን ብቻ ይከዳኛል እያሉ ያሾፉበት ነበር። በ1940 ሂትለር አውሮፓን ሲወር አሜሪካ እንግሊዝን በመሣሪያ እንድትረዳ የሚሟገተውን ኮሚቴ በሊቀመንበርነት መራ፤ በ1941 መጀመሪያ ላይ ኃላፊነቱን ለቀቀ።

በካንሰር ታሞ ጃንዋሪ 29 ቀን 1944 በ75 ዓመቱ ኤምፖሪያ ውስጥ ዐረፈ። ቀኑ ካንሳስ ክፍለ ግዛት የሆነችበት በዓል ነበር። ልጁ ባረፈችበት ከተማ ተቀበረ። ሳይጨርሰው የተወው የሕይወት ታሪኩ በ1946 ታትሞ በ1947 ፑሊትዘር ተሸለመ። በ1948 የአሜሪካ ፖስታ በምስሉ ባለ ሦስት ሳንቲም ቴምብር አወጣ። በ1950 የቀድሞው ፕሬዚዳንት ኸርበርት ሁቨር ኤምፖሪያ ድረስ መጥተው በሜሪ መናፈሻ የቆመውን ሐውልቱን መረቁ። ጋዜጣውን ልጁ ዊልያም ሊንዚ እስከ ሞተበት እስከ 1973 አዘጋጀ፤ ከዚያ በኋላም ለብዙ ዓመታት በቤተሰቡ እጅ ቆየ።

ለእኛስ?

ኋይት ከፕሬዚዳንቶች ጋር ማዕድ የቀረበ፣ ዓለምን የዞረ ሰው ነው። ዛሬ ስሙ ሲነሣ ግን ከሁሉ ቀድሞ የሚታወሰው ለጎረቤቶቹ ስለ አንዲት ልጅ የጻፈው ነገር ነው። ያ ጽሑፍ የቆየው ልጅቷ የታዋቂ ሰው ልጅ ስለነበረች አይደለም። የቆየው እውነተኛዋን ልጅ ስላስቀመጠልን ነው፤ እጇን አንሥታ ጎረቤቷን ሰላም ስትል።

በእድራችን የሚሞተው ሰው ሁሉ እንዲህ ያለ ታሪክ አለው። ሲነጋ ደጃፉን የሚጠርገው፣ ለልጆች ከረሜላ የማያጣው፣ በድንኳን ተከላ ጊዜ ካስማ ሲመታ ማንም የማይቀድመው፣ በስብሰባ ላይ ሁልጊዜ ተቃውሞ የሚያስመዘግበው፣ ለቅሶ ቤት ሌሊቱን ሙሉ ወጥ ስታማስል የምታድረው። ይህን የሚያውቀው የሩቅ ጋዜጣ አይደለም፤ እኛ ነን። እኛ ካልጻፍነው የሚጽፈው የለም፤ ሳይጻፍ ከቀረም ከጥቂት ዓመት በኋላ የልጅ ልጆቹ እንኳ አያውቁትም።

ስለሆነም አንድ ሐሳብ እናቀርባለን። ከሚመጣው ዓመት ጀምሮ እያንዳንዱ ቤተሰብ በዓመቱ ስላረፈበት ሰው አንድ ገጽ ጽፎ ለመጽሔቱ ዝግጅት ክፍል ቢሰጥ መልካም ነው። ጽሕፈት የማይሆንለት ቤተሰብ በቃል ቢነግረን እኛ እንጽፍለታለን። የሚፈለገው ውዳሴ አይደለም። የት ተወለደ፣ ምን ሠራ፣ ማንን ረዳ፣ በምን ይስቅ፣ በምን ይቆጣ ነበር፣ የሚለው ይበቃል። ስለ አሟሟቱ የተሳሳተ ወሬ ካለም ያው ጽሑፍ ያርመው። ከጸሐፊው ስም ጋር ይውጣ፤ ስሙን ደብቆ ስለ ሟች የሚጽፍ አይኑር። አባላት በሚቀጥለው ጠቅላላ ስብሰባ ላይ ተወያይተውበት ውሳኔ እንዲሰጡበት እናሳስባለን።

በዓመቱ ለተለዩን አባሎቻችን ሁሉ ነፍስ ይማር እንላለን።